የከሰል ጭስ

ጆቴ ጭሱን ቀድሞ አየው። አየና ዝም አለ።

ጎህ ሲቀድ ከአዳማ ተነስተው ቦሰት ተራራን መውጣት ሲጀምሩ ወጣቱ ኪዳነወልድ «መንገዱን እኔ እመራለሁ፤ አንተ ዕቃውን ያዝ» ብሎት ነበር። ሃያ ዓመት ይህን ተራራ በእግሩ የለካውን፣ አባቱ ሊሆን የሚችለውን ሰው «አንተ»! ያውም ተራራውን ልትጎበኝ የመጣችው እንግዳቸው፣ ልዩ፣ እየሰማች። ምን ይደረግ፣ የሦስት ቀን የአስጎብኚነት ሥልጠና ወስዶ ምስክር ወረቀት አንጠልጥሏል። ጆቴ ከአራተኛ ክፍል ያቋረጠ ሰው ወረቀት ከየት ያምጣ?

ከሰዓት በኋላ ሲወርዱ አቧራ የተቀላቀለበት ጉም ቆላውን ሸፈነው። ፀሐይ ጠፋች፤ ውሃውም አለቀ። ኪዳነወልድ በጉሙ ቀዳዳ ከታች ጭስ ሲነሳ አይቶ ጮቤ ረገጠ።

«ወንጂ ነው! አገዳ እያቃጠሉ ነው። በዚያ በኩል ነው መንገዳችን!»

የወንጂ አገዳ ጭስ ጥቁርና ወፍራም ነው። ይሄ ግን ቀጭን፣ መሬት ለመሬት የሚሳብ፣ ከገደሉ ማዶ ያሉ ከሰል አክሳዮች ጭስ ነው። ጆቴ «ወረቀቱ ይንገረው» አለ በሆዱ።

አንድ ሰዓት ወረዱ። ጥቁሩ ድንጋይ ጫማቸውን በላው። የልዩ ከንፈር ተሰነጣጠቀ። ያኔ ጆቴ ደነገጠ። ከእሷ ጋር ምን ቂም አለው?

«ቁሙ! ያ የከሰል ጭስ ነው። ፊት ለፊታችን ገደል ነው።»

«አሁን ነው የታየህ?» የኪዳነወልድ ዓይን ፈጠጠ። «ሆን ብለህ ነው! ልትጨርሰን ነው!»

«ተቀመጥ፣ ልጄ። ልብ ሲሮጥ እግር ገደል ይገባል። ለጥሙ ጠጠር ከምላስህ ሥር አድርግና ጉሙ እስኪገፈፍ...»

«ከአንተ ጋር? ሞቼ ነው!» እየሮጠ ጉሙ ውስጥ ገባ።

ልዩ ግን እንደ ጆቴ ጠጠር አፏ ውስጥ አድርጋ ከአጠገቡ ተቀመጠች። ትንፋሿ ቀስ በቀስ ሰከነ።

ብዙም ሳይቆይ ከታች ድምፅ መጣ።

«ጋሼ! ጋሽ ጆቴ! በየት በኩል ነው?»

ጋሼ። ከጠዋት ጀምሮ የነፈገውን ቃል አሁን አወጣት። ጆቴ አንድ ጊዜ ደግሞ ሊሰማት ፈለገና አፉን እንደዘጋ ቆየ። ድንጋይ ሲንከባለል ተሰማ፤ ለረጅም ጊዜ ወረደ።

«ኧረ ይመልሱለት!» አለች ልዩ።

ጆቴ ጠጠሩን ተፋና በሁለት እጁ አፉን ከቦ ተጣራ።

«እዚያው ቁም! ንቅንቅ እንዳትል!»

ገደሉ የገዛ ድምፁን ብቻ መለሰለት፤ ንቅንቅ እንዳትል።