በረቡዕና በሐሙስ መካከል

«አንድ ቃል እኮ ናት!» አሉ ጎረቤቷ እትዬ የሺ በሹክሹክታ፣ የንፍሮውን ሰፌድ ወደ ሩቂያ ገፋ እያደረጉ። «‹ቆጠራዬን አልጨረስኩም ነበር› ትያለሽ፣ አለቀ። ማን ገብቶ ያየሽ አለ?»

«አላህ አይቷል፣ እትዬ።»

«እሱማ ያያል። ቤትሽን የሚወስድብሽ ግን አላህ አይደለም፤ ሱሌይማን ነው።»

የሩቂያ ባል አሊዪ ከተቀበረ ስድስተኛ ቀኑ ነው። አዲስ አበባ ሽንኩርት አራግፎ ባዶውን ሲመለስ የጣርማ በርን ቁልቁለት ሳይጨርስ የመኪናው ፍሬን እምቢ አለው። አብሮት የነበረው ባልደረባው ፍቅሩ ክንዱ ተሰብሮ ደብረ ብርሃን ሆስፒታል ተኝቷል። አሊዪን ግን ሸዋ ሮቢት ያደረሱት ተከፍኖ ነው። ይኸው አሁን ግቢው ውስጥ፣ ከማንጎዎቹ ሥር ሸራ ተወጥሮ ወንዶቹ ቁርኣን ይቀራሉ፤ ሴቶቹ ጓዳውን ሞልተው በሙቀቱ ነጠላቸውን ያራግባሉ።

የሚያሳዝነው ሐዘኑ ብቻ ቢሆን ደግ ነበር። በሦስተኛው ቀን የአሊዪ ታላቅ ወንድም ሱሌይማን ሸህ ሰዲቅ ፊት ቆሞ፣ «ወንድሜ ሩቂያን ሲፈታት በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ቆጠራዋ ሳያልቅ ሲመልሳት ግን ያየም የሰማም የለም። ያን ሰሞን መንገድ ተዘግቶ ነበር» አለ። ክፉ ሰው ነው ብሎ መገላገል ደስ ይል ነበር፤ ግን አይደለም። የሰማውን ነው የተናገረው። ደግሞ ቤቱን አይፈልገውም ማለትም አይቻልም፤ የአባቱ ቤት ነው።

የተፈታች ሴት ሦስት ጊዜ የወር አበባዋን አይታ እስክትታጠብ ትቆጥራለች። በዚያ ውስጥ ባል ከመለሳት ሚስቱ ናት። ካለፈ አዲስ ኒካህ መታሰር አለበት፤ ለሩቂያና ለአሊዪ ደግሞ አዲስ ኒካህ አልታሰረም። ልጅ የላቸውም። ስለዚህ ሚስት ካልነበረች ቤቱ በሙሉ የሱሌይማን ነው። የሸሪዓ ፍርድ ቤቱ ሚስትነቷን እንዲያጸድቅላት፣ የቀድሞ ኒካሃቸውን ያሰሩት ሸህ ሰዲቅ «እስከ ሞተበት ቀን ሚስቱ ነበረች» ብለው መጻፍ አለባቸው።

«በራሷ ቆጠራ ላይ ቃሏ ቃል ነው» ብለዋል ሸሁ። «በሰባተኛው ቀን፣ ከሰደቃው በኋላ እጠይቃታለሁ። ያለችውን እጽፋለሁ።»

ቤቱስ ይቅር። ሚስት ካልነበረች ግን ምን ሆና ነው ስምንት ወር ሙሉ አብራው የኖረችው? አሁንስ በምን ስም ነው ሐዘን የተቀመጠችው? ሩቂያን እንቅልፍ የነሳት ይኼ ነው።

ጠቡ የማይረባ ጠብ ነበር። «ሚስትህ እኔ አይደለሁም፣ መኪናህ ናት!» አለችው አንድ ከሰዓት፣ ሱሌይማን ባለበት። አሊዪ ቱግ ብሎ፣ «እንግዲያው ሂጂ! ፈትቼሻለሁ!» አለ። አንዴ ነው ያለው። ደንቡ ቆጠራዋን እዚያው ቤቷ ተቀምጣ እንድትጨርስ ነበር፤ ብትቀመጥ ኖሮ በሳምንቱ ይታረቁ ነበር። እሷ ደግሞ እልኸኛ! ሻንጣዋን አንጠልጥላ አጣዬ፣ ወንድሟ ከቢር ዘንድ ገባች።

አንድ አለች፣ ሁለት አለች። በሦስተኛው ላይ አሊዪ ደወለ። «ሰኞ መጥቼ እመልስሻለሁ፣ ጠብቂኝ» አላት። ሰኞ ጀውሃ ላይ መንገድ ተዘጋ፤ ኔትወርክም አብሮ ጠፋ። ማክሰኞም እንደዚያው። ረቡዕ ጠዋት ሩቂያ ታጠበች። እያለቀሰች ነው የታጠበችው፤ ውሃውና እንባው አልተለየም።

ሐሙስ ረፋድ አሊዪ ደረሰ። ከቢር በሩ ላይ አቁሞ አንድ ነገር ሲለው ታያለች፣ አትሰማም። ከዚያ አሊዪ ገባና ፊቷ ቆመ። ዓይን ዓይኗን እያየ፣ «አልጨረስሽም አይደል?» አላት።

ጨርሻለሁ ብትል አዲስ ኒካህ ሊታሰር ነው። የሚድራት ደግሞ ከቢር ነው፤ ከቢር «ሁለተኛ ለዚያ ሰው አልሰጥሽም» ብሎ ምሏል።

«አልጨረስኩም» አለች።

ከዚያ ወዲያ የሰላም ቀን አላየችም። ምግቡን ታቀርባለች፣ ልብሱን ታጥባለች፣ አልጋ ላይ ግን ጥጓን ይዛ ፊቷን ወደ ግድግዳው ታዞራለች። ሐራም ነው እያለች ትሳቀቃለች።

«ይቅር አላልሽኝም እንዴ?» ይላታል።

«ብያለሁ።»

«የምትነግሪኝ ነገር የለም?»

«ምን እነግርሃለሁ?»

ስንት ጊዜ ጠየቃት! ስንት ጊዜ አፏ ድረስ መጥቶ ዋጠችው!

በሰባተኛው ቀን ሰደቃው ተበልቶ ዱዓው ሲያበቃ ሸህ ሰዲቅ የጓዳው በር ላይ፣ ከመጋረጃው ማዶ ቆሙ።

«ሩቂያ፣ ልጄ፣ አላህ ያጽናሽ። አሊዪ አጣዬ መጥቶ ሲወስድሽ ቆጠራሽ አልቆ ነበር ወይስ አላለቀም?»

እትዬ የሺ ጭኗን ቆነጠጧት። ሩቂያ «አልጨረስኩም» ልትል ነበር፤ በእውነት ልትል ነበር። ያን ጊዜ ግን አሊዪ «አልጨረስሽም አይደል?» ሲላት የነበረው ፊቱ መጣባት። እሱን ዋሽታ ቀብራዋለች። አሁን ደግማ መቃብሩ ላይ ልትዋሽ?

«አልቆ ነበር፣ ሸኼ። ረቡዕ ታጥቤያለሁ። እሱ የመጣው ሐሙስ ነው። አልጨረስኩም ብዬ ዋሸሁት።»

«በስመ አብ!» አሉ እትዬ የሺ። ሱሌይማን ረታ፤ ግን አንገቱን ደፋ እንጂ ቀና ብሎ ሰው አላየም።

«ሸህ፣ ማክሰኞ ከሆነስ?» አለ አንድ ድምፅ።

ፍቅሩ ነው። ያን ጠዋት ከሆስፒታል ወጥቶ በቀጥታ የመጣ፣ ክንዱ በጀሶ እንደታሰረ።

«ማክሰኞ ምን ሆነ?» አሉ ሸሁ።

«ማክሰኞ ጀውሃ መንገድ ተዘግቶብን ቆመናል። የኢክራማ ምግብ ቤት ገብተን ምሳ ቀረበልን፤ አሊዪ አልበላም አለ። ‹ቀኑ ሊያልፍብኝ ነው› አለና ብድግ ብሎ፣ ‹ሩቂያን ወደ ኒካሄ መልሻታለሁ፣ ስሙኝ!› ብሎ ጮኸ። እኔ ክርስቲያን ነኝ፣ አልገባኝም፣ ሳቅሁበት። ኢክራማ ግን ‹ሰምተንሃል፣ በል አሁን ብላ› አለው።»

ሸህ ሰዲቅ እዚያው ስልክ አስደወሉ። የኢክራማ ድምፅ ግቢው ውስጥ ተሰማ፦ «አዎ ሸኼ፣ ወሏሂ ብሏል። መንገዱ በተዘጋ በሁለተኛው ቀን፣ ማክሰኞ።»

ሸሁ ወደ መጋረጃው ዞሩ። «ባል በቃሉ ከመለሰ ሚስት ባትሰማም ተመልሳለች። ረቡዕ ስትታጠቢ ሚስቱ ነበርሽ፣ ልጄ።»

«ይጻፉላት» አለ ሱሌይማን። «አሁኑኑ ይጻፉላት።»

ሴቶቹ «አልሐምዱሊላህ!» አሉ። እትዬ የሺ አቅፈዋት አለቀሱ። ሩቂያ ግን ወደ መጋረጃው ተጠጋች።

«ፍቅሩ! መልሶኝ ከነበረ ለምን ጠየቀኝ?»

«ሊነግርሽ ነበር እኮ የገባው። ከቢር በሩ ላይ ‹ጨርሳለች፣ ሂድ› ሲለው፣ እስቲ እሷ ምን ትላለች ብሎ ጠየቀሽ። በማግስቱ መኪና ላይ ሲስቅ ነው የዋለው። ‹ዋሸችልኝ፣ ፍቅሩ! ልትኖር ፈልጋ ዋሸችልኝ!› ይላል።»

«ያውቅ ነበር?»

«ያውቅ ነበር። ‹ራሷ እስክትነግረኝ ነው የምጠብቀው፤ ያን ቀን እኔም እነግራታለሁ፣ እንስቃለን› ይለኝ ነበር።» ፍቅሩ የታሰረ ክንዱን ደገፍ አደረገ። «ኋላ ግን መሳቁን ተወ። ‹ፊቷን ታዞርብኛለች፣ አንጀቷ ይቅር አላለኝም› ማለት ጀመረ። ያን ዕለት ጣርማ በር ላይም ይህንኑ ነበር የሚያወራው። ‹በቃ፣ ዛሬ ስገባ እኔው ቀድሜ እነግራታለሁ› አለ።»

ሩቂያ ሴቶቹን አልፋ ከቀብሩ ወዲህ ያልገባችበትን መኝታ ቤት ከፈተችና በሩን ከኋላዋ መለስ አደረገችው። ከውጭ ወንዶቹ «አሚን» ሲሉ ይሰማል። አልጋው ላይ ወጥታ እንደ ልማዷ ጥጓን ይዛ ተጋደመች።

ከዚያ ዞረች። ግድግዳውን ለጀርባዋ ሰጥታ፣ እጇን በእሱ ቦታ ላይ ዘረጋች።