በመስኮት የተወረወረ ስም

ስሜ እነኋት ነው። ሰው ሲሰማው መጀመሪያ ይስቃል፣ ቀጥሎ «ማን አወጣልሽ?» ይላል። ያወጣችልኝ እናቴ ናት፤ ለእኔ ብላ ግን አይደለም። ሌላ እናት ለልጇ ስም ስትመርጥ ምርቃት ትፈልጋለች፤ የእኔዋ ድንጋይ ፈለገች፣ አገኘች፣ አባቴ ላይ ወረወረች።

ሰውዬው (አባቴ ብዬ ጠርቼው ስለማላውቅ ሰውዬው ነው የምለው) የብረት በርሜልና የውሃ ታንከር ሠሪ ነበር። ከእናቴ ጋር ጥቂት ዓመት ኖሩ፣ ልጅ አልመጣም። እህቶቹ መካን ታቅፈህ ልታረጅ ነው ወይ እያሉ ይነዘንዙት ጀመር። አንድ ጠዋት ዘር እፈልጋለሁ ብሎ ልብሱን ጠቅልሎ ወጣና ሌላ አገባ። በወጣ በወሩ እናቴን ያቅለሸልሻት ጀመር። ያ ማቅለሽለሽ እኔ ነበርኩ።

ሄዳ ብትነግረው ነገሩ እዚያው ባለቀ። እሷ ግን ወደ እሱ ደጅ ከምራመድ እግሬ ይቆረጥ አለች። ልብስ ሰፊ ናት፤ የስፌት መኪናዋን አሸክማ፣ እሱና አዲሷ ሚስቱ ከሚኖሩበት ቤት ማዶ፣ ጠባብ መንገድ ብቻ የሚለየው ፎቅ ላይ አንድ ክፍል ተከራየች። መስኮት ለመስኮት ተፋጠጡ። እኔ ስወለድ አዋላጇ ስሟን ማን ልበል ብትላት እነኋት በይልኝ አለች። አትመጣም ያልካት ልጅ ይቺውልህ፣ ዓይንህ እያየ ማለቷ ነው። ከዚያ በኋላ የቀራት መጥራት ብቻ ነበር።

ጠራችኝም። ሊመሽ ሲል፣ ሰውዬው ከሥራ ገብቶ መስኮቱ አጠገብ ሲቀመጥ ጠብቃ፣ በከንፈሯ የያዘቻቸውን ስፒሎች አንድ በአንድ ታወጣና መስኮቱን ወለል አድርጋ «እነኋት!» ትላለች። ብዙ ጊዜ እኔ እዚያው እግሯ ሥር ቁርጥራጭ ጨርቅ እየለቀምኩ ነው። በመጀመሪያው ጥሪ አቤት ማለት ክልክል ነበር፤ አቤት ካልኩ ደግማ የምትጠራበት ምክንያት ታጣለች። አንዴ ተሳስቼ አቤት ብዬ ቁንጥጫዋን ቀምሻለሁ።

ሰውዬው ግን ምንም አይመስለውም። እንደውም አንዳንዴ ወደ እኛ አየት አድርጎ ፈገግ ይላል። እናቴ በዚያች ፈገግታ አንጀቷ ይቃጠላል። «አውቆ የተኛ ቢቀሰቅሱት አይሰማም» ትልና በማግስቱ ድምጿን ትጨምራለች። መንደሩ ሁሉ ስሜን በቃሉ አወቀው፤ ከሱ በቀር።

ጥላቻውን ከእናቴ ጡት ጋር ነው የጠባሁት ብል አላጋነንኩም። በተለይ አንድ ነገር ያሳብደኝ ነበር። ሰውዬው የመስኮቱ ደፍ ላይ ወተት ያለበት ትንሽ ሳህን ያስቀምጣል። ድመት ግን የለውም። የገዛ ልጁን አንድ ቀን እንዴት ዋልሽ ያላለ ሰው፣ ለመንገድ ድመት ወተት ሲያቀርብ ሳይ ደሜ ይፈላል። ከእኛ መስኮት ጠጠር እየወረወርኩ ስንቱን ሳህን ሰበርኩ። ሲነጋ ሌላ ተተክቶ አገኘዋለሁ።

አደግሁ፣ መስታወት ቆራጭ ሆንኩ። ለእንደኔ ዓይነት ሰው ጥሩ ሥራ ነው፤ ቀኑን ሙሉ የተሰበረ ነገር ስትነቅል ትውላለህ፣ ማንም ለምን ተቆጣህ አይልህም። እናቴ አልሰለቸችም፤ ከሥራ ስገባ ደረጃው ላይ ሆኜ እንኳ ጥሪዋን እሰማለሁ። ከዕለታት አንድ ቀን አለቃዬ ነፋስ የአንድ ቤት መስኮት ሰብሯል፣ ሄደሽ ግጠሚ ብሎ አድራሻውን ነገረኝ። የሰውዬው ቤት ነበር። አለቃዬ የሚያውቀው ነገር የለም። እኔ ግን መስታወቱን በልኩ ቆርጬ ሳነሳ የማደርገውን አውቄ ጨርሻለሁ። የተሰበረውን እነቅላለሁ፣ ስሜን ፊቱ ላይ እነግረዋለሁ፣ አዲሱን ሳልገጥም መስኮቱን ወላቃ እንዳደረግሁት ትቼላቸው እወጣለሁ። ይብረዳቸው።

በሩን ሴትዮዋ፣ ሚስቱ፣ ከፈተችልኝ። ስታየኝ ፊቷ አመድ መሰለ። ሌላ ሠራተኛ የለም ወይ አለችኝ፤ እኔው ነኝ ያለሁት እትዬ አልኳትና ገባሁ። ሰውዬው ወንበሩ ላይ ነበር። ከማዶ ሳየው ግዙፍ ይመስለኝ የነበረው ሰው፣ ቀርቤ ሳየው ኮቱ ሰፍቶታል። ሳህኑ ደፉ ላይ ነበር። መስታወቱን ከፍሬሙ ያጣበቀውን የደረቀ ስቱኮ በስለት ፈለፈልኩ፣ ስብርባሪውን አንድ በአንድ አወጣሁ፣ ክፍሉ ነፋስ ገባው። ከዚያ ጓንቴን አውልቄ ፊቱ ቆምኩ።

«እነኋት እባላለሁ» አልኩት፣ ጮክ ብዬ።

ከንፈሬን አፍጥጦ አየና በትህትና ፈገግ አለ። ወደ ሚስቱ ዞሮ ምን አለች ብሎ ጠየቃት። ያንኑ የእናቴን አንጀት ያቃጠለውን ፈገግታ ነበር የፈገገው፤ በጥፊ ላጠፋለት ምንም አልቀረኝም።

«አይሰማም» አለች ሴትዮዋ ቀስ ብላ። «ታንከር ውስጥ ገብቶ ሲቀጠቅጥ ነው ጆሮው ያለቀው፤ ከእናትሽ ከተለየ በኋላ፣ እኔን ሳያገባ በፊት። የሚያነበው የእኔን አፍ ብቻ ነው፤ ለሰው እንዳልናገርም አስምሎኛል።»

ያ ሁሉ ምሽት፣ ያ ሁሉ ጩኸት። ይሄኔ የእናቴ መስኮት ሲከፈት ተሰማ።

«እነኋት!»

ስሜን ከዚህ ማዶ ሆኜ ሰምቼው አላውቅም ነበር። መስታወት በሌለው መስኮት ገብቶ ግድግዳውን መታው። ሰውዬው ንቅንቅ አላለም። ሴትዮዋ ግን ጅራፍ እንዳረፈበት ሰው ትከሻዋ ተሸማቀቀ። እሷም አልወለደችም። እናቴ የወረወረችው ድንጋይ ዕድሜዬን ሙሉ ሲያርፍ የኖረው እሷ ላይ ነበር። አልዋሽም፣ ደስ አለኝ።

ሰውዬው የሚስቱን ፊት አየና ወደ መስኮቱ ዞረ። እናቴ ማዶ አፏን ከፍታ ቆማለች።

«ያቺ ድመት ዛሬም ጠፋችባት?» አለ፣ እያዘነ። «ወተቷንም አልጠጣች።»

«የምን ድመት?» አልኩ።

ሴትዮዋ መሬት መሬቱን እያየች ተናገረች። ሰውዬው ያቺ ሴት ምንድን ነው የምትጮኸው እያለ ሲጨቀጭቃት፣ ድመቷን ነው የምትጠራው ብላዋለች። ልጅቷስ የማን ናት ሲላት፣ የሟች እህቷ ልጅ ናት ብላዋለች። እውነቱን ብነግረው ጥሎኝ ይሄዳል ብዬ ነው አለች።

«ንገሪው» አልኳት። አንቱታው ከአፌ ወድቋል።

«ልጄ፣ እባክሽ...»

«ልጅሽ አይደለሁም፤ የሱ ነኝ። ስሜ ለሱ የተላከ ነው፣ አንቺ መንገድ ላይ ቀማሽው። አሁን አድርሺው።»

ፊቱ ተንበረከከችና በቀስታ ነገረችው። አፏ ስሜን ሲሠራ ከንፈር ከንፈሯን አየሁ፤ አንዴ አልበቃውም፣ አስደገማት። ከዚያ ቀና ብሎ አየኝ፤ ግንባሬን፣ ጆሮዬን፣ ስቱኮ የነካውን እጄን። እጁን ወደ ደፉ ሰደደና ሳህኑን አንስቶ ኮቱ ውስጥ ሊደብቀው ሞከረ። ወተቱ ሱሪው ላይ ፈሰሰ።

እናቴ ደግማ ጠራች። በመስኮቱ ብቅ አልኩና አቤት አልኳት። አፏ እንደተከፈተ ቀረ። እኔን አየች፣ ከኋላዬ እሱን አየች፣ መስኮቷን ዘጋች። መስታወቱን ሳልገጥም ይዤ ወጣሁ።

ለእናቴ ሁሉንም ነገርኳት። «አንድም ቀን?» አለችኝ። አንድም ቀን አልሰማሽም አልኳት። ታለቅሳለች ብዬ ነበር፤ የስፌት መኪናዋን ረገጥ ረገጥ አድርጋ የያዘችውን ቀሚስ ጨረሰች።

ሰውዬው ሌላ ባለሙያ እንዳይመጣ ከለከለ አሉ። ሊመሽ ሲል ብርድ ልብስ ተከናንቦ ባዶው መስኮት ላይ ይቀመጣል። ዓይኑ የእናቴ አፍ ላይ ነው። እንዴት እንደምትጠራኝ አንዴ ሊያይ ነው። እናቴም በሰዓቷ መስኮቷን ወለል አድርጋ ትከፍታለች፣ ልክ ፊት ለፊቱ ተቀምጣ ትሰፋለች፣ ስፒሎቿን በከንፈሯ ይዛ።

ትናንት አላስቻለኝምና፣ እማ አንዴ ጥሪኝ እንጂ አልኳት። ስፒሎቹን ሳታወጣ ራሷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች።