አንተ፣ አንቺ፣ እርስዎ

ጌም በሚሠራው መሥሪያ ቤት፣ ስክሪን ላይ የሚወጣውን ጽሑፍ ሁሉ የምትጽፈው እሷ ናት። ባልደረቦቿ «ነጠላ ሰረዝ» ይሏታል፤ ለአንዲት ሰረዝ ግማሽ ቀን ስትሟገት ትውላለች። ቅጽል ስሙን አትጠላውም፤ የባሰም ሊወጣላት ይችል ነበር።

ጣጣው የመጣው በእናቷ በኩል ነው። እናትየው ባለቤታቸው ከሞቱ ወዲህ የሚጠቀሙት በእሳቸው ስልክ ነው። ጠዋት ጠዋት የልጃቸው መሥሪያ ቤት የሠራውን፣ ወንዝ ላይ ድልድይ የሚገነባበትን ጌም ይጫወታሉ። ባለፈው እሑድ አርባኛውን ወንዝ ሲሻገሩ ልጅቷ አጠገባቸው ነበረች።

«አሸነፉ እኮ፣ እማዬ።»

«እኔ መቼ አሸነፍኩ?» አሉ መነጽራቸውን ከፍ አድርገው። «አባትሽን ነው የሚለው። አየሽ፣ ‹ጎበዝ፣ አሸነፍክ› ይላል። ስልኩ አሁንም እሱ የያዘው ይመስለዋል። እኔም መሞቱን አልነገርኩትም።»

ሦስት ዓመት ሙሉ እያሸነፉ ድሉን ለሟች ሲያስረክቡ ኖረዋል። «አሸነፍክ» ብላ የጻፈችው ደግሞ ሌላ ማንም ሳይሆን ራሷ ናት። አፈረች። አፍራም አልቀረች፤ ሰኞ ጠዋት ቦርሳዋን እንኳ ሳታስቀምጥ አለቃዋ ቢሮ ገባች። የጌሙ አዲስ እትም ዓርብ ይወጣል።

«ሦስት መቶ አሥራ ሁለት ዓረፍተ ነገር አለን፤ ሁሉም ‹አንተ› ነው የሚለው። ለሴትም ይጻፍ» አለችው።

አለቃው ክፉ ሰው አይደለም፤ የሚከፋው ዓርብ ሲቀርብ ብቻ ነው። «ጌም የሚጫወቱት ወንዶች ናቸው። ዱሮም እንዲህ ነው። የጌም ማሸጊያ ሳጥኑ ላይ ያለው ወንድ፣ ማስታወቂያው ላይ ያለው ወንድ።»

«ወንዱን ሳጥኑ ላይ የሣልነው እኛ ነን። ሁሉንም ‹አንተ› ብለን ጠርተን ስናበቃ፣ ሴት አልመጣችም እንላለን።»

አለቃው ትንሽ አሰበና መላ ያገኘ መሰለው። «እንግዲያው ለሁሉም ‹እርስዎ› እንበል። ወንዱንም ሴቱንም ያስማማል።»

«የዘጠኝ ዓመት ልጅ ወንዝ ውስጥ ወድቆ ‹እባክዎ እንደገና ይሞክሩ› ሊባል ነው?»

አለቃው ሳቀ፤ የሳቀ አለቃ ግማሹ ተረቷል። «እስከ ሐሙስ ከደረሰ ይሁን። ካልደረሰ እንዳለ ይወጣል» አላት። ለአፍ ዳገት የለውም።

ዳገቱ ፕሮግራመሩ ጋ ነበር። «ፕሮግራሙ ለሁለተኛ ጽሑፍ ቦታ የለውም» አላት ዓይኑን ከስክሪኑ ሳያነሳ። እሷም ወንበር ስባ አጠገቡ ተቀመጠችና እያነበበች ወረቀት ላይ መጻፍ ጀመረች፦ ወደቅህ፣ ወደቅሽ። ትንሽ ቀረህ፣ ትንሽ ቀረሽ። ማክሰኞ እንዲህ ዋለች። ረቡዕም መጣች። ከሰዓት በኋላ ፕሮግራመሩ እጁን ከኪቦርዱ አነሳ።

«ልጆች ሆነን እህቴ ልጫወት ስትለኝ ሁለተኛውን ጆይስቲክ ሳልሰካ ነበር የምሰጣት» አለ።

«አላወቀችም?»

«ታውቅ ኖሯል። እንዳላባርራት ብላ ነው ዝም ያለችው።» ወንበሩን አዞረ። «በይ ወረቀቱን አምጪው።»

ከሁሉ ያስቸገራቸው መጀመሪያ ላይ የሚወጣው ጥያቄ ነበር። «ማን ልበልህ?» ብሎ የጠየቀ ገና ሳይመለስለት መልሱን ጨርሷል። በመጨረሻ ጥያቄውን ሰረዘችና ስክሪኑ ላይ በጣት የሚነኩ ሦስት በሮች አስቀመጠች፦ አንተ፣ አንቺ፣ እርስዎ። ሦስተኛው ለአለቃው መጽናኛ ነው። ሐሙስ አሥር ሰዓት ላይ ሥራው አለቀ።

ቅዳሜ እናቷ ዘንድ ሄዳ አዲሱን እትም ስልኩ ላይ ጫነችላቸው። ሦስቱ በሮች ወጡ። እናቷ ትልቅ ሰው ናቸው፤ ጎረቤቱም ሐኪሙም የገዛ ልጃቸውም «እርስዎ» ነው የሚሏቸው። ልጅቷም ሦስተኛውን በር ልትነካላቸው ጣቷን ሰደደች። እናትየው እጇን ያዙት።

«ተይ። እርስዎ የሚለኝማ ሞልቷል። አባትሽ ከሞተ ወዲህ ያጣሁት አንቺ የሚለኝ ነው።»

መካከለኛውን በር ራሳቸው ነኩት። ሦስት ጊዜ ወንዙ ውስጥ ወደቁ፤ በአራተኛው ተሻገሩ። «ጎበዝ፣ አሸነፍሽ» የሚል ወጣ። እናትየው ጽሑፉን ሁለት ጊዜ አነበቡት፤ ከዚያ የስልኩን መስተዋት በቀሚሳቸው ጫፍ ቀስ ብለው ጠረጉ።

«ነገርኩት እንግዲህ» አሉ።