ከንፈሩን የቀባሁበት ፊልም

እናቴ ከወንድሜ ጋር ከቤት ስንወጣ አንድ ነገር ሳትነግረኝ በሩን ዘግታ አታውቅም፤ «ከንፈሩን እያየሽ»። ወንድሜ ሲወለድ ጀምሮ የልቡ በር በደንብ አይዘጋም። ሲደክመው አይናገርም፤ ከንፈሩ ግን ያሳብቅበታል። መጀመሪያ ይደበዝዛል፣ ከዚያ ሰማያዊ ይሆናል። ያን ጊዜ ባለበት አስቀምጦ መኪና መጥራት ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሞልቶት፣ የራሱን ልብስ ስፌት ቤት ከፍቶ፣ እኔም ከጎኑ ፀጉር ቤት ከፍቼ ትእዛዙ አልተነሳልኝም። በቀን አሥር ጊዜ በመጋረጃው ብቅ እላለሁ። እሱም ከስፌት መኪናው ቀና ሳይል ከንፈሩን አሞጥሙጦ ያሳየኛል።

ፊልሙን ያመጣብን ሰርገኛው ነው። ዕድሜውን በሙሉ ሰርግ ሲቀርጽ ስለኖረ እንዲህ እንለዋለን። ሙሽራ ሰለቸኝ ብሎ አስፈሪ ፊልም ሊሠራ ተነሳ። ታሪኩ ከሰማይ የወደቀ ድንጋይ ስለሚመረምር ሰው ነው፤ ሰውየው ከድንጋዩ የሚወጣውን አየር ይስብና ቀስ በቀስ ሌላ ፍጡር ይሆናል። ገንዘብ የሚባል የለም። አንድ የተዘጋ ላውንደሪ ቤት በልመና ተገኘ፤ የማጠቢያዎቹ ክብ መስኮቶች ቤተ ሙከራ መሰሉ። ድንጋዩ በሲሚንቶ የተለሰነ የፍራሽ ስፖንጅ ነበር። ግድግዳው ግማሹ ሮዝ፣ ግማሹ አረንጓዴ ስለነበር ሰርገኛው ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ይሁን አለ። ቀለም ድህነትን ያጋልጣል፣ ጥቁርና ነጭ ግን ገመና ይሸፍናል ብሎ አሳመነን።

ተመራማሪው ወንድሜ እንዲሆን ተስማማን። እናቴ ሦስት ቀን አኮረፈች። በመጨረሻ እሺ ያሰኛት የእኔ ቃል ነው። የፊት ቀለም የምቀባው እኔ ነኝ፣ ከአጠገቡ አልርቅም አልኳት።

ከቀለሙ ጋር የታገልኩት የመጀመሪያው ቀን ነው። ቀይ ቀባሁት፤ ጥቁርና ነጭ በሚያሳየው የሰርገኛው ስክሪን ላይ ከንፈሩ ከፊቱ ጋር ተመሳስሎ ጠፋ። ቡናማውም አልሆነም። በመጨረሻ ሰርገኛው ራሱ የዓይን ኩል ሳጥኔን በርብሮ ሰማያዊውን አነሳ። ከቫዝሊን ጋር ለውሼ አንድ ጣት ያህል ሳስነካው ስክሪኑ ላይ ያየነው የሬሳ ከንፈር ነበር። ሰርገኛው በደስታ ጭኑን መታ። እኔ ጨርቅ አንስቼ ልጠርገው ስል ወንድሜ እጄን ያዘ።

«ይሄን ቀለም አንተ ላይ አላደርግም» አልኩት።

«እታለም፣ ምን አስፈራሽ? በሽታው መጥቶ ሲያየኝ ‹እዚህስ ቀድሞኝ የመጣ አለ› ብሎ ይመለሳል።»

ሳልወድ ሳቅኩ። ቀባሁት።

ሰውየው እየተለወጠ ሲሄድ ቀለሙም መጥቆር ነበረበት። በሁለተኛው ሳምንት ጥፍሮቹን ጨመርኩ። በሦስተኛው ከዓይኑ ሥር አወረድኩት። ጠዋት አስቀምጬው ስቀባ ፊቱን አገላብጬ እያየሁ ስለምውል፣ በደንብ እየጠበቅኩት ነው የሚል እርጋታ ነበረኝ። ማታ እናቴ እንዴት ዋለ ስትለኝ ደህና እላታለሁ። ቀለም ከተቀባ በኋላ የማየው ቀለሙን መሆኑ አንድም ቀን አልመጣልኝም።

የመጨረሻው ቀን ቅዳሜ ነበር፤ ገና ከረፋዱ አራት ሰዓት። ሰውየው ትንፋሽ አጥሮት፣ ማሽኖቹን እየደገፈ መጥቶ ድንጋዩ ሥር የሚወድቅበት ትዕይንት ነው። የድንጋዩን አየር የምንሠራው የሕፃን ፓውደር በቬንትሌተር እየነፋን ነበር። አንዴ ተቀረጸ። ሰርገኛው ይደገም አለ። ሁለተኛ ተቀረጸ። በሦስተኛው ወንድሜ እንደዚያ ሲያደርግ አይቼው አላውቅም። ደረቱ ከፍ ዝቅ ይላል፣ እጁ የማሽኑን በር ይስታል፣ ከጉሮሮው የሚወጣው ድምፅ የእሱ አይደለም። ሰርገኛው ትንፋሹን ውጦ፣ ወንድምሽ ዛሬ ጉድ ሠራ አለኝ በሹክሹክታ። እኔም ዓይኔ ስክሪኑ ላይ ነበር። አንዴ ብቻ ቀና ስል ወንድሜ በካሜራው ጎን አሻግሮ ቀጥ ብሎ እኔን ያያል። አውራ ጣቴን አነሳሁለት። ጎበዝ ማለቴ ነው።

ከዚያ ወደቀ።

አጨበጨብን። ሳይነሳ ሲቀር ሰርገኛው፣ በቃህ፣ ሽልማቱን ወስደሃል ብሎ ቀለደ። ቫዝሊንና ጥጥ ይዤ አጠገቡ ተንበረከክሁ። ጥጡ ሰማያዊ ሆኖ ወጣ። ሌላ ቀየርኩ፤ እሱም ሰማያዊ ወጣ። ሦስተኛው ጥጥ ነጭ እንደሆነ ወጣ። ከንፈሩ ግን ሰማያዊ ነበር።

በሰርገኛው መኪና ወሰድነው። ሐኪሙ ሲያወራኝ፣ ሲደርስ አልቆ ነበር የሚለው ብቻ ነው የሰማሁት። ለእናቴ አንዲት ነገር አልደበቅኩም፤ የቀባሁትን ቀለም ሳይቀር ነገርኳት። አልጮኸችም፣ አልረገመችኝም። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች።

ሁለት ወር ሲሞላው ያንን ፊልም አምጪልኝ አለች። ሰርገኛው ሊያጠፋው ነበር፤ ለምኜ ተቀበልኩት። ላፕቶፑን ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ከፍቼ ሦስተኛውን ቀረጻ አሳየኋት። መነጽሯን አድርጋ እስኪወድቅ ድረስ ሳትንቀሳቀስ አየች።

«ወደ ኋላ መልሺው» አለች።

መለስኩት። በሩን ከፍቶ ሲገባ ጣቷን ስክሪኑ ላይ አሳረፈች።

«እዚህ ጋ ደህና ነው?»

ፊቱ ግራጫ ነው። ግድግዳው ግራጫ ነው። አላውቅም አልኳት። ጥቂት አሳለፈች፤ የመጀመሪያውን ማሽን ሲደገፍ አቆመችው።

«እዚህስ?»

«አላውቅም፣ እማዬ።»

«አንቺ ነሽ አጠገቡ የነበርሽው» አለች፣ በቀስታ። «መልሺው።»

አሁን በየቀኑ፣ ምሳ ከተነሳ በኋላ፣ እቃውን ሳላጥብ ትጠራኛለች። ወንበሯን አስጠግታ ትቀመጣለች። እኔ እመልሰዋለሁ።