ለፍሪጅ የወረደ ሙሾ

1

«ለመሆኑ ልጅሽ ሥራው ምንድን ነው?»

የጠየቀችኝ ጎረቤቴ እትዬ ብርቄ ናት። ለቅሶ ቤት ጓሮ ተቀምጠን ሽንኩርት እንልጣለን። ሙዚቀኛ ነው እንዳልል፣ ዘፈኑን ሰርግ ላይ የሚያስዘፍነው የለም። ቀልደኛ ነው እንዳልል፣ ቀልዱ አይገባኝም።

«አዲስ አበባ ነው» አልኳት። አዲስ አበባ ሥራ ይመስል።

2

አሁን መልሱን ልሞክር።

ልጄ ቢልልኝ አኮርዲዮን አንግቶ መድረክ ላይ ይወጣል። ለዕቃ ይዘፍናል። ለአንድ የግራ እግር ጫማ የሰርግ ዘፈን አለው፤ ሙሽራው ቀኙ ጫማ ጠፍቷል። ወደ ውሃ ቆጣሪ ሽማግሌ ይልካል፤ ቆጣሪው «አስቤ እነግራችኋለሁ» ይላል። ለሞተ ፍሪጅ ሙሾ ያወርዳል። በመሀል ጥሬ እንቁላል ግንባሩ ላይ ይሰብርና አስኳሉ በጺሙ እየወረደ መዝፈኑን ይቀጥላል።

እንቁላል።

በሁዳዴ ጾም።

3

የማታ ትምህርት ስመዘገብ መምህርት ሰብለ «በዚህ ዕድሜሽ ምን አነሳሳሽ?» አለችኝ። ሌሎቹ መጽሐፍ ቅዱስ ለማንበብ፣ ቁርአን ለማንበብ፣ የመድኃኒት ስም ለመለየት ብለዋል። እኔ በልጄ ቪዲዮ ሥር ሰዎች የሚጽፉትን ለማንበብ ነው አልኩ።

አነበብኩት። «ይሄን ልጅ እናቱ ምን አብልታ ነው ያሳደገችው?» ይላል።

ምስር ነው።

ከሥሩ ሃ ሃ ሃ ሃ ሃ ብቻ ነው፣ እስከ ታች። «ሃ»ን ያለ ችግር ማንበብ የቻልኩት በዚህ ነው። መምህርቴ ታሪኩን ጻፊው አለችኝ። «ሁሉንም ባንዴ ለመጻፍ አትጨነቂ። ቁራጭ ቁራጩን ቁጥር ስጪውና ተይው።» አንተም የምታነበው ቁራጭ ነው። መሀል ላይ ባዶ ካየህ ወረቀት ተርፎኝ አይደለም።

4

እዚሁ ደሴ በሰርግ ባንድ ኪቦርድ ይጫወት ነበር። አንድ ቅዳሜ ሙሽራዋ ስትገባ እሷን ትቶ ኬኩን ማሞገስ ጀመረ። «ሦስት ፎቅ ሆነሽ ደረጃሽ የት አለ» እያለ። የሙሽራዋ አጎት ገመዱን ነቀለበት። ሰርገኛው ግን ሆዱን ይዞ ይስቃል። ቢልልኝ ያንን ሳቅ ሰማ፤ ከዚያ ወዲያ የእኔን ድምፅ የሰማ አይመስለኝም።

አዲስ አበባ ሄደ። መጀመሪያ መጠጥ ቤት፣ ቀጥሎ ስልክ ላይ፣ ከዚያ ቴሌቪዥን። በቴሌቪዥን የታየ ቀን ጎረቤት ቤቴ ተሰብስቦ እልል አለ። እኔ ከአገጩ የሚንጠባጠበውን አስኳል አይቼ ተነሳሁ። ጓሮ ወጥቼ ተፋሁ።

5

ሙሾ እንዴት እንደሚወጣ። ልታወጪ ከሆነ ስሚ፤ እኔ የሰፈሩ አልቃሽ ነኝ።

ሐዘንተኛዋን «ደግ ነበረች ወይ?» ብለሽ አትጠይቂ። ሟች ሁሉ ደግ ነው። «መጨረሻ ላይ ስታያት ምን እያደረገች ነበር?» በያት።

የሰማሽውን ትንሽ ነገር ይዘሽ ግጠሚ።

አልቃሽ አፏን ስትከፍት የተቀመጠ ይነሳል። ሟቿን ባታውቂም፣ ጉልበትሽን ቢያምሽም ትነሻለሽ። የተቀመጠች ሴት እንኳን ሞተች ያለች ያህል ነው።

ለአንዷ የተገጠመውን ለሌላ አትበይ። እኛ ሰፈር የሟች ልብስ ለሌላ ይሰጣል። ግጥሟ አይሰጥም።

6

ሰናይት የእትዬ ብርቄ አንድ ልጇ ነበረች። ቲማቲም ልትገዛ «መጣሁ» ብላ በሩን ገርበብ አድርጋ ወጣች። ቁልቁለቱ ላይ ፍሬን የበጠሰ መኪና አገኛት። የሰፈሩ ወንዶች በትከሻቸው ተሸክመው አስገቧት። እኔ ይህን አልኩ፦

በሩን ሳትዘጋው መጣሁ ብላ ወጥታ፣
ቀዝቅዛ ገባች ወይ በሰው ጫንቃ ተኝታ።

በየሙት ዓመቷ እትዬ ብርቄ እጄን ይዛ «በይልኝ» ትለኛለች። እላታለሁ። ከዚያ ውጭ ከአፌ ወጥቶ አያውቅም።

ቢልልኝ ያን ቀን ድንኳኑ ውስጥ ነበር።

7

ስልክ። የጎረቤት ልጅ የፍሪጁን ቪዲዮ ካሳየችኝ በኋላ።

እኔ፦ የሰናይትን ግጥም ለፍሪጅ አልክ?

እሱ፦ አየሽው እንዴ እማ! አገር ምድሩ እኮ ነው ያየው።

እኔ፦ የጠየቅኩህን መልስ።

እሱ፦ አንድ ቃል ቀይሬያለሁ። «ቀዝቅዛ» የነበረውን «ሞቃ» አልኩት። ፍሪጅ ሲሞት ይሞቃላ።

እኔ፦ ታስጠላለህ።

እሱ፦ በእሷ እየሳቅኩ አይደለም። ከዚያ የተሻለ ግጥም ስለማላውቅ ነው።

እኔ፦ እትዬ ብርቄስ ብትሰማ?

እሱ፦ የእሷ ስልክ ቪዲዮ መች ያሳያል?

እኔ፦ ለደሴው ትርዒትህ ዕድሩን በሙሉ ጠርተሃል። እሷም ትመጣለች። ቀሚሷን ከአሁኑ አጥባለች።

እሱ፦ እሺ። ደሴ ላይ ፍሪጁን አልሠራም። አብሽሪ።

እኔ፦ ማልልኝ።

እሱ፦ ሰናይትን!

8

እሑድ ከሰዓት፣ አዳራሹ ጢም ብሏል። የፈንዲሻ ቅባትና የሽቶ ሽታ ተቀላቅሏል። የዕድራችን ሴቶች ከፊት ተደርድረናል። ጫማው ተዳረ። ወደ ቆጣሪው ሽማግሌ ተላከ። እንቁላሉ ተሰበረ።

«ውይ፣ ምነው ለአንዷ አራስ በሰጣት» አለች እትዬ ብርቄ። ቆይታ ግን በነጠላዋ አፏን ሸፍና ሳቀች። «ዘርፌ፣ ይሄ ልጅሽ እኮ አይረባም!» ብላ በክርኗ ጎሸመችኝ። ያን ጊዜ ብቻ ትንሽ ደስ አለኝ።

ከኋላ ጩኸቱ ተነሳ። «ፍሪጁ! ፍሪጁ!»

ቢልልኝ በእምቢታ ራሱን ነቀነቀ። አየኝ። «ፍሪጁ! ፍሪጁ!» አሁንም ራሱን ነቀነቀ፤ በዝግታ።

ከመጋረጃው ጀርባ ሁለት ሰዎች ፍሪጅ እየገፉ ወጡ።

እስኪ አስበው። ከአዲስ አበባ፣ በመኪና ተጭኖ፣ ጣርማ በርን አልፎ የመጣ ፍሪጅ ነው።

ላይሠራው።

9

አኮርዲዮኑ ዜማዬን ጀመረ።

ተነሺ።

ማንም አላለንም። እግራችን ነው የተነሳው። የፊት ወንበር ሴቶች ሁሉ ቆመን ነጠላችንን አዘቀዘቅን፤ እትዬ ብርቄ እጄን ያዘች። አንዷ «ወይኔ፣ ማን አረፈ?» አለች።

አዳራሹ በሳቅ ተሰነጠቀ። አብረን የተለማመድነው መስሏቸዋል። ስልኮች ወደ እኛ ዞሩ። አንድ ጎረምሳ «ነጠላዋን! ነጠላዋን ቅረጽ!» ይላል። ለፍሪጅ የቆምን ሴቶች ሆንን። እኔም ከነውርደቴ ቆሜያለሁ፤ አውቄው እንኳ መቀመጥ አቃተኝ።

10

በሩን ሳትዘጋው መጣሁ ብላ ወጥታ፣
ሞቃ ገባች ወይ በሰው ጫንቃ ተኝታ።

ሃ ሃ ሃ ሃ ሃ ሃ

እዚህ ላይ የእትዬ ብርቄን ፊት መጻፍ ነበረብኝ።




11

ቢልልኝ ፊቱን በእጅጌው ጠረገ። አስኳሉ ጆሮው ድረስ ተለቀለቀ።

«ይሄን ግጥም የሰጠችኝ እናቴ ናት!» አለ። «ያቻትላችሁ! ባለ ሙሾዋ እናቴ! አጨብጭቡላት!»

ዓይኑ እንባ አቅርሯል። ከልቡ ነው። የሚያስጠላው እሱ ነው፤ ከልቡ መሆኑ። እየሸጠኝ መሆኑን ቢያውቅ እረግመው ነበር። እሱ ግን ሊያከብረኝ ነው፣ በሕዝብ ፊት፣ ሲያስበው የኖረውን ስጦታ እየሰጠኝ።

አዳራሹ ብድግ ብሎ አጨበጨበልኝ።

እጄን የያዘው የእትዬ ብርቄ እጅ ተላቀቀ።

12

እትዬ ብርቄ፦ አንቺ ነሽ የሰጠሽው?

እኔ፦




13

የዕድሩ ሴቶች ነጠላቸውን እንዳዘቀዘቁ ተከታትለው ወጡ። እኔም ወጣሁ።

እትዬ ብርቄ ፍሪጁ ፊት እንደቆመች ቀረች።