የቆመ ባጃጅ ዋስትና

ይርጋነሽ ከቢቸና ሞጣ ድረስ የመጣችው ባጃጇን ስትገዛ ብትበላሽ እንዲጠግኑላት ከፍላ የገባችውን የተጨማሪ ዋስትና ውል አፍርሳ ተመላሹን ገንዘብ ከሻጩ ድርጅት ልትወስድ ነው። ልጇ ሰሎሜ ሐኪም ቤት ተኝታለች፤ የቀዶ ጥገናው ዋጋ ነገ ካልተከፈለ የሚነካት የለም።

«እማማ፣ ከሃያ አራቱ ወር ሃያ ሁለቱ አልቋል፤ የሚመለስልዎ የሁለት ወሩ ብቻ ነው» አላት የድርጅቱ ጸሐፊ ኡበይዳ።

«መንገድ ተዘግቶ ዓመት ሙሉ ዶሮ አልነበር የሚያድርባት? የቆመ ጎማ ምን በላባችሁ?»

«ብትቆምም ብትሄድም ውሉ የሚቆጥረው ቀን ነው።»

«ዋስትና የሰጣችሁት ለዶሮዎቼ ነዋ!»

ኡበይዳ ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። የባጃጇን ቁልፍ ከመቀነቷ ፈትታ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«እንግዲያ የጉሮሯችንን መድፈኛ፣ ባጃጇን ራሷን ልሽጥልህ። ዋጋውን አንተ ጥራው፤ ብቻ ዛሬውኑ ክፈለኝ፣ ልጄ።»