ቀረጻውን የሚያስቆመው ሰው

ፎልክማር ቴሰን በቪስማር ወደብ ሲያልፍ በስሙ የሚጠራው ሰው የለም። «ኮሚሳር! ሌባው ተያዘ ወይስ ገና ነው?» ይሉታል። ዓሣ ሻጯ ሳትቀር ዳቦው ውስጥ የምትከትለትን ዓሣ መርጣ፣ «ለፖሊሶቻችን ትልቁን ነው የምንሰጠው» ትለዋለች። እሱም ኮፍያውን ነካ አድርጎ፣ ፈገግ ብሎ ያልፋል።

አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ፣ ዘወትር ማክሰኞ ማታ፣ በቴሌቪዥን ድራማ የወደቡን ኮሚሳር፣ የፖሊስ መርማሪውን፣ ሆኖ ሲጫወት ኖሯል። በእውነተኛው ሕይወቱ ፖሊስ ጣቢያ የገባው አንድ ቀን ብቻ ነው። ብስክሌቴ ተሰረቀ ብሎ ሊያመለክት ሄደና ፖሊሶቹ ከበውት ፎቶግራፍ ተነሱ። ለካ ብስክሌቱን ዳቦ ቤቱ በር ላይ ረስቶት ኖሯል። ከዚያ ወዲህ ዳቦ ጋጋሪው ባየው ቁጥር፣ «ዛሬስ ምን ጠፋብህ?» እያለ ይስቅበታል።

ሰው ሁሉ የሚወደው ይህ ኮሚሳር አንድ ምኞት ነበረው፤ ዳይሬክተር መሆን። ተዋንያኑ እንዴት እንደሚገቡ፣ የት እንደሚቆሙ፣ መቼ ዝም እንደሚሉ መወሰን ይፈልጋል። ምኞቱን የድራማው ፕሮዲውሰር ለሆኑት ለወይዘሮ አኔግሬት ፖሰል በየዓመቱ ይነግራቸዋል። እሳቸውም በየዓመቱ አንድ ዓይነት መልስ ይሰጡታል።

«ተዋናይ ዳይሬክት ላድርግ ሲል፣ ዶሮ አውቶቡስ ልንዳ ያለች ይመስለኛል።»

ዘንድሮ ግን ወይ ደክሟቸው ወይ አዝነውለት ተሸነፉ።

«ከድራማችን አንዱን ፊልም እሰጥሃለሁ» አሉት። «በመጨረሻው ቀን መጥቼ አያለሁ። ከወደድኩት የሚቀጥሉትን ሁለቱን አንተ ትሠራቸዋለህ። ካልወደድኩት ግን ካፖርትህን ለብሰህ ሌባህን ታሳድዳለህ፤ ይህን ነገር ዳግመኛ አታነሳብኝም። ተስማማን?»

«ተስማማን፣ ወይዘሮ ፖሰል» አለ ፎልክማር። ከቢሯቸው ወጥቶ ደረጃውን እንደ ልጅ እየዘለለ ወረደ።

ሥራው ካሰበውም በላይ አማረለት። ተዋናይ ምን እንደሚያስፈራው ያውቃልና በማንም ላይ አይጮህም። ወደ ጆሮ ጠጋ ብሎ አንድ ቃል ይናገርና ይመለሳል። ገዳዩን የሚጫወተው ሰውዬ፣ «በሕይወቴ እንዲህ ደስ እያለኝ ሰው ገድዬ አላውቅም» ብሎ ሁሉንም አሳቀ። ሥራው ሲጋመስ እንደ ወጉ ድግስ ተደረገ። ፎልክማር ራሱ ሽርጥ ታጥቆ፣ ከሰሉ ላይ ቋሊማ እየጠበሰ ለሁሉም አደለ። ግማሹ ቢያርም ማንም አልተቀየመውም።

ችግር የገጠመው እሱ ራሱ በሚጫወትባቸው ትዕይንቶች ነበር።

በእነሱ ሙያ ቀረጻ የሚጀመረው ዳይሬክተሩ «እባካችሁ» ሲል ነው፤ የሚቆመውም ዳይሬክተሩ «አመሰግናለሁ» ሲል ነው። ያ ቃል እስኪሰማ ድረስ ካሜራው አይቆምም፣ ተዋናዩም ከቦታው አይነቃነቅም። ፎልክማር አሥራ ዘጠኝ ዓመት ያን ቃል ከሌላ ሰው አፍ ሲጠብቅ ኖሯል። አሁን ተናጋሪው እሱ ሆነ። ስለዚህ እንዳይረሳው እየፈራ፣ የኮሚሳሩን የመጨረሻ ንግግር ሳይጨርስ ዓይኑ ወደ ካሜራው ይሸሻል፤ ወዲያው «አመሰግናለሁ!» ይላል።

የመጨረሻው ቀን ደረሰ። የቀረው አንድ ትዕይንት ነው። ኮሚሳሩ ገዳዩን ከያዘ በኋላ ወደቡ ላይ ካለ አግዳሚ ወንበር ላይ ከእናቱ ጋር ይቀመጣል። እናቱ የዓሣ ዳቦ ይዛለች። ጥቂት ይነጋገራሉ፤ በመጨረሻ እሱ፣ «ሥራው አለቀ፣ እማዬ» ይላል። ፊልሙም እዚያ ላይ ያበቃል።

እናቱን የምትጫወተው ኢርምትራውት ከሰቦም ናት። ዕድሜዋ ሰባውን አልፏል፤ ምላሷ ግን እንደ ምላጭ ነው። ከካሜራ ውጪም ቢሆን ፎልክማርን ልጄ ትለዋለች፤ እሱም እማማ ይላታል። ወይዘሮ ፖሰል ከካሜራው ኋላ ታጣፊ ወንበር ላይ ተቀምጠው እጃቸውን አጣምረዋል።

ቀረጹት፤ አላማረም። ደገሙት፤ ባሰ። ነፋሱ እየበረታ፣ ፀሐይዋም ወደ ባሕሩ እያዘቀዘቀች ሄደች። ወይዘሮ ፖሰል ሰዓታቸውን አዩ።

«አንተ ልጅ» አለችው ኢርምትራውት፣ የአንገት ልብሱን እያስተካከለችለት። «ምን ሆነሃል?»

«ምን አጠፋሁ፣ እማማ?»

«እኔ ሳናግርህ ዓይንህ ካሜራው ላይ ነው። ባቡር ሊያመልጠው የደረሰ ሰው ነው የምትመስለው። ሌላውን ሁሉ ስታሠለጥን ከርመህ፣ ራስህን ማን ያሠልጥንህ?»

«እርስዎ ያሠልጥኑኝ እንጂ።»

«እኔን እየኝ፤ በቃ። ይህን ሽበት ለማሳመር ሜካፕ ሠራተኞቹ ጠዋቱን በሙሉ ነው የለፉት።»

ሳቀ። ሄዶ አጠገቧ ተቀመጠና «እባካችሁ!» አለ። ከዚያም እሷን ብቻ አየ። ንግግራቸው ለመጀመሪያ ጊዜ እንደ ሰው ወሬ ወረደ። በመጨረሻ በዝግታ፣ «ሥራው አለቀ፣ እማዬ» አለ።



ፎልክማር እንደ ጥንቱ «አመሰግናለሁ» እስኪባል ጠበቀ። ማንም አላለም። ካሜራውን የያዘው ዴትሌፍ፣ ቃሉን ሳይሰማ ማቆም ደንቡ ስላልሆነ መቅረጹን ቀጠለ። የድምፅ ሠራተኞቹ ተያዩ። ማዕበሉ ድንጋዩን ሲመታ ይሰማል። ፎልክማር አሁንም ይጠብቃል።

ኢርምትራውት ነገሩ ገባት። የእናትነቷን ፊት ሳትቀይር ወደ እሱ ዞረች።

«ታዲያ ምን እንጠብቃለን?»

ፎልክማር ደነገጠ። ማን ቃሉን መናገር እንደነበረበት ያን ጊዜ ትዝ አለው። አፉን ከፈተ፤ ነገር ግን የኢርምትራውት ዓይን አልለቀው አለ።

«እኔ እንጃ፣ እማዬ» አለ። «እስከ ዛሬ አለቀ የሚለኝ ሌላ ሰው ነበር።»

«እንግዲያው ብላ። የሚልህ ሰው እስኪመጣ ከስተህ ታልቃለህ።»

ዳቦውን ሰጠችው። አንዴ ሲገምጠው የዳቦው ሽንኩርት ካፖርቱ ላይ ተበተነ። እሱን ሲያራግፍ አንድ ትልቅ የባሕር ወፍ ከኋላው መጣና ዓሣውን ከዳቦው መሐል መንጭቆ በረረ።

«ሌባ!» ብሎ ጮኸ ኮሚሳሩ ብድግ ብሎ፣ ባዶውን ዳቦ ወደ ሰማይ እየወዘወዘ።

ኢርምትራውት ወንበሩን እየደበደበች ሳቀች። «ዕድሜህን ሙሉ ሌባ ስታሳድድ ኖረህ፣ አጠገብህ ያለው አመለጠህ!»

ፎልክማርም ሳቁ መጣ። እንባው እስኪፈስ ስቆ አጠገቧ ተመልሶ ተቀመጠ፤ ራሷን ትከሻው ላይ ጣል አደረገች። ሁለቱም ባሕሩን አዩ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ፎልክማር ረጋ ብሎ፣ «አመሰግናለሁ» አለ።

ዴትሌፍ ካሜራውን አቁሞ መሬት ላይ ዘጭ አለ። ሲቀርጽ ያፈነውን ሳቅ አሁን ለቀቀው። ወይዘሮ ፖሰል ብቻ አልሳቁም። ተነሥተው መጡ።

«ይህ ጽሑፉ ላይ የለም።»

«የለም» አለ ፎልክማር።

«ትንሽ ብርሃን አለን። እንደተጻፈው አንድ ጊዜ ድገሙትና እሱን እንውሰድ።»

«እሺ» የምትለው ቃል አፉ ላይ ደረሰች። ዕድሜውን ሙሉ ድገም ሲባል ሲደግም ነው የኖረው። ኢርምትራውትን አያት፤ ካፖርቱ ላይ የቀረውን ሽንኩርት እየለቀመችለት ነበር።

«አልደግመውም» አለ።

«ምን አልክ?»

«ይህኛው ነው የሚሆነው። ዳይሬክተሩ እኔ ከሆንኩ አለቀ።»

«እኔ ባልስማማስ?»

«ካፖርቴን ለብሼ ሌባዬን አሳድዳለሁ። ይህ ትዕይንት ግን አይነካም።»

ወይዘሮ ፖሰል ወደ ትንሿ ስክሪን ሄደው፣ «እስቲ መልሳችሁ አሳዩኝ» አሉ። ጎንበስ ብለው ተመለከቱ። የእናትና ልጁን ዝምታ ሲያዩ እጃቸውን ፈቱ። ወፉ ሲመጣ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። «ሌባ!» የሚለው ጩኸት ሲሰማ ሳቃቸው እንደ ፈረስ በአፍንጫቸው ወጣና መሐረባቸውን ፈለጉ።

«ወፉን የት ነው ያሠለጠናችሁት?» አሉ ዓይናቸውን እየጠረጉ። ከዚያ ወደ ፎልክማር ዞሩ። «ሁለቱን ፊልሞች ውሰድ። ዶሮዋ መንዳት ችላለች።»

ጭብጨባው የወደቡን ወፎች በሙሉ አስነሣ። ኢርምትራውት ግን ከጭብጨባው መሐል፣ «በሚቀጥለው ከአንድ ትዕይንት በላይ ካልሰጠኸኝ እናት የለህም!» ስትል ተሰማች።

ለቀራጮቹ ምግብ የሚያቀርበው መኪና በሩን ከፍቶ የአተር ሾርባ ሲቀዳ፣ ሁሉም ረዥሙን ጠረጴዛ ከበው ተቀመጡ። ፎልክማር መጨረሻ ላይ መጣ። ማንኪያውን አነሣና ቀና ሲል ሌሎቹ በሙሉ ማንኪያቸውን በአየር ላይ ይዘው ያዩታል። አንድም የሚበላ የለም።

«ምንድን ነው?» አለ ግራ ገብቶት።

«አለቃ» አለ ዴትሌፍ፣ «ሾርባው እየቀዘቀዘ ነው። በል እንጂ ቃሉን!»

ፎልክማር ጆሮው ድረስ ቀላ። ከዚያም ተነሥቶ ቆመ፣ ማንኪያውን ከፍ አደረገና ወደቡ እስኪሰማ፣ «እባካችሁ!» አለ።